የሃማማትሱ ሰው ጫማ

አብዱልሃዲ ሰዒድ ሞቶ የተገኘው በካልሲው ነው። ፖሊሶቹ ነገሩን በችኮላ የጨረሱትም በዚሁ ምክንያት ነበር።

ኦስሎ፣ አልናብሩ ውስጥ ከጭነት ባቡሩ ጣቢያ ጀርባ፣ መጋዘኖቹ በሚያልቁበት ጥግ፣ «ሃማማትሱ» የሚል ቀይ ጽሑፍ የተለጠፈበት የፎርክሊፍት ጥገና ቤት አለ። ባለቤቱ አብዱልሃዲ ከላይኛው ቢሮ በሚወርደው የብረት ደረጃ ግርጌ አንገቱ ተሰብሮ ተገኘ። ጫማዎቹ ከላይ፣ ቢሮው በር አጠገብ፣ ጎን ለጎን ተቀምጠው ነበር። ደረጃው በሳሙና ውኃ ታጥቦ ገና አልደረቀም ነበር።

«በካልሲ፣ በብረት ደረጃ፣ በሳሙና ላይ። ምን የሚመረመር ነገር አለው?» አለ የሐረገወይን አለቃ። «ያጠበው ልጅም ጥፋቱን አምኗል። ቃሉን ተቀብለሽ ፋይሉን ዝጊው።»

ሐረገወይን አዲስ አበባ ተወልዳ ኦስሎ ፖሊስ ውስጥ ፀጉሯ የሸበተ መርማሪ ናት። ዝጊ የተባለችውን ነገር መጀመሪያ ከፍታ ካላየች እንቅልፍ አይወስዳትም። አለቃዋም ይህን ያውቃል፤ ግን ያን ጠዋት፣ ከሞቱ ጥቂት ቀናት በኋላ፣ ሌላ የሚልከው ሰው አልነበረውም።

ሹዓይብ የሟቹ የወንድም ልጅ ነው። ከልጅነቱ ጀምሮ ያሳደጉት አጎቱና የአጎቱ ሚስት ናቸው። ጥገና ቤቱ ውስጥ ከታች፣ ለጥገና በቆመ ፎርክሊፍት አጠገብ፣ የተገለበጠ ሳጥን ላይ ተቀምጦ አገኘችው።

«እኔ ነኝ የገደልኩት» አለ ገና ሳትጠይቀው።

«እንዴት አድርገህ?»

«ደረጃውን አጠብኩ። ቢጫውን የማስጠንቀቂያ ምልክት ሳላቆም ጣቢያው ጋ ዕቃ ላመጣ ሄድኩ። ስመለስ እዚያ ወድቋል።» በእጁ አሳያት፤ ዓይኑን ግን ወደዚያ አላዞረም።

«ስታጥብ አጎትህ የት ነበር?»

«ላይ። ከጠዋት ጀምሮ አልወረደም። ቅዳሜ የጋምለ ኦስሎ ቤተ መጻሕፍት ስለ ጃፓኗ ከተማ ስለ ሃማማትሱ እንዲናገር ጋብዞት ነበር፤ እሱን ሲያዘጋጅ ነው የዋለው። አሥራ ሁለት ዓመት ኖሮባታል እኮ። የቤቱ ስም ራሱ የከተማዋ ነው።»

«ስለዚህ ያጠብከው እሱ ወደ ላይ ከወጣ በኋላ ነው።»

«ያ፣ ያ» አለ በኖርዌይኛ። «ከወጣ በኋላ።»

«በምን ሳሙና?»

«በአረንጓዴው። ሁሉም ቤት ያለው፣ ጥድ ጥድ የሚሸተው። ምን ለውጥ ያመጣል?» ድምፁ ተሰበረ። «ነገ እፈርማለሁ። ጠበቃ ምናምን አልፈልግም። ከዚያ ቀን ወዲህ አክስቴ ቤት አልገባሁም። በምን ፊቴ ነው የምገባው?»

ሐረገወይን አዘነችለት። ማዘኗን ግን ለራሷ ያዘችውና «ነገ ምንም አትፈርምም፤ እኔ ሳልነግርህ እስክሪብቶ እንዳትነካ» ብላው ወደ ላይ ወጣች።

የላይኛው ቢሮ ወለሉ ከፍ ብሎ በሰሌን የተነጠፈ ነው፤ በጫማ አይገባበትም። በሩ ጋ የአብዱልሃዲ ከባድ የሥራ ጫማዎች እንደተገኙ ነበሩ፤ ፖሊስ ፎቶ አንስቷቸው በሩን አሽጎ ሄዷል። አፍንጫቸው ወደ ክፍሉ ውስጥ ዞሯል። ማሰሪያቸው እስከ ታች ድረስ ተፈትቷል። ከጎናቸው ግድግዳው ላይ፣ ሳያጎነብሱ ጫማ የሚያጠልቁበት ረጅም የብረት ማንኪያ ተንጠልጥሏል፤ መያዣው ብዙ ከማገልገሉ የተነሳ ነጥቷል።

ሐረገወይን ጓንቷን አጥልቃ አንዱን ጫማ አነሳችና ሶሉን አሸተተችው። አለቃዋ በዚያ ሰዓት አላያትም እንጂ ቢያያት ዓመታዊ ዕረፍቷን ውሰጂ ይላት ነበር። ሁለተኛውንም አሸተተች። ከዚያ ለሬሳ ምርመራው ክፍል ደውላ ስለ ሟቹ ካልሲ ጠየቀች። ካልሲዎቹ ከሥራቸው ደረቅ ነበሩ፤ ሳሙናም ውኃም አልነካቸውም።

ቀስ ብላ ጫማውን ወደ ቦታው መለሰችው። ከዚህ በኋላ ለእሷ ነገሩ አደጋ አልነበረም።

በየነ የአብዱልሃዲ ሸሪክ ነው። ስልሳ ሊደፍን የቀረበ፣ ደንበኞች ሁሉ «ጃፓኑ» የሚሉት ረጅም ሰው። የራሱ ጠረጴዛ ያለው ከታች፣ ከመሣሪያ ቤቱ ጎን ነው። ዓይኑ በለቅሶ ቀልቷል፤ ለቅሶውም የውሸት አልነበረም።

«ምን እነግርሻለሁ?» አለ። «ወንድሜ ነበር። ሹዓይብንም አታስጨንቁት፤ ልጅ ነው። አቅፌ ‹ማንም ይሳሳታል› አልኩት።»

«በዚያ ሰዓት እርስዎ የት ነበሩ?»

«እዚሁ። ኮምፕረሰሩ እየጮኸ ነበር፤ ምንም አልሰማሁም። ላይም አልወጣሁም።»

«እርስዎም ሃማማትሱ ኖረዋል አሉ።»

ወንበሩ ላይ ቀና አለ። «አራት ዓመት። እኔ ከወጣሁ በኋላ ነው አብዱልሃዲ የመጣው፤ የተዋወቅነው እዚህ ነው። ለማያውቃት ሰው ማስረዳት ይከብዳል። መጀመሪያ የግንብ ከተማ ነበረች። መስፍኑ ኮረብታው ላይ፣ ወታደሩ ከሥሩ፣ ነጋዴውና የእጅ ባለሙያው ከዚያ ወዲያ። ግንቡ ላይ የተሾመ ሁሉ ወደ ትልቅ ሥልጣን ያልፍ ስለነበር የዕድገት ግንብ ይሉታል። በኋላ የሸማኔ ከተማ ሆነች። ሸማኔው የሽመና መኪና ሠራ፤ መኪና መሥራት የለመደው እጅ ሞተር ብስክሌት ሠራ፤ እንጨት የለመደው ፒያኖ ሠራ።»

«ከመጽሐፍ እንደሚያነቡ ነው የሚናገሩት።»

«በልቤ ነዋ ያለችው።»

«ምኗ ነው የሚናፍቅዎት?»

ትንሽ አሰበ። «ሜይ ሲገባ የካይት በዓል አለ፤ ያ በገመድ ይዘው አየር ላይ የሚያወጡት ወረቀት። ትንንሽ ልጆች በየትምህርት ቤቱ ሜዳ ካይታቸውን ይዘው ሲሯሯጡ… እሱ ይናፍቀኛል።»

ሐረገወይን ላይኛውን ክፍል እንዲያሳያት ጠየቀችው። ደረጃው ግርጌ ካለው ሳጥን ሁለት ሰማያዊ የላስቲክ መሸፈኛ መዘዘና ከነጫማው አጠለቃቸው። «ጉልበቴ ነው» አለ። «ጎንበስ ብዬ ጫማ መፍታት አልችልም። ቤቱ ከተከፈተ ጀምሮ በዚህ ነው የምገባው፤ አብዱልሃዲ ራሱ ነው የሚገዛልኝ።»

ላስቲኩን ሲያጠልቅ ግን እስከ ቁርጭምጭሚቱ ድረስ ጎንበስ ብሎ፣ ሳያቃስት ቀና አለ። ሐረገወይን ይህን ልብ ብላ ተከትላው ወጣች።

እንዳሻው የጎረቤቱ መጋዘን ሹፌር ነው። ግቢው ውስጥ በአንድ እጁ ሲጋራ ለመለኮስ ሲታገል ደረሰችበት። ቀኝ እጁ ከጣቶቹ እስከ ክንዱ በጀሶ ታስሯል።

«ከአብዱልሃዲ ጋር እንደተጣላን ነገሩሽ አይደል?» አለ ቀድሟት። «አዎ፣ ተጣልተናል። መኪናውን የመጫኛ በራችን ላይ ያቆማል፤ በዚያም ጠዋት መስኮቱ ሥር ቆሜ ሰድቤዋለሁ። ይኸው አሁን እንቅልፍ አጣሁ።»

«እጅህ መቼ ነው የተሰበረው?»

«በረዶው መጀመሪያ የጣለ ዕለት። እስካሁን ጫማዬን የምታስርልኝ ሚስቴ ናት፤ ሳቂብኝ።»

አልሳቀችም። «በዚያ ጠዋት ከሰደብከው በኋላ ከጥገና ቤቱ የሰማኸው ነገር አለ?»

«ሳቁን ሰማሁ። ላይኛው መስኮት ክፍት ነበር። ከፍ ያለ ሳቅ ነው የሳቀው፤ እኔ እንኳ ‹ሰድቤው ይስቃል እንዴ› ብዬ ተናድጄ ነበር። ከዚያ በኋላ ጸጥ አለ።»

«ኮምፕረሰሩ እየጮኸ እንዴት ተሰማህ?»

«የምን ኮምፕረሰር? እሱ ሲነሳ እኛ ጋ ስልክ እንኳ ማናገር አይቻልም። በዚያ ጠዋት አልተነሳም።»

ሰው ብቻውን ሲሆን ጮክ ብሎ አይስቅም። ሐረገወይን ይህን እያሰበች የሟቹ ቤት ወዳለበት ወደ ሃውገንስቱዋ ሰፈር በሚወስደው ባቡር ተሳፈረች።

የአብዱልሃዲ ሚስት መፍቱሃ በሩን ከፍታ አስገባቻት። የምታስተምርበት መዋእለ ሕፃናት ዕረፍት ሰጥቷታል፤ የባሏ ሬሳ ግን ገና አልተሰጣትም። ቀብሩ መዘግየቱ ከሞቱ እኩል እያቃጠላት ነበር። ሐረገወይን ጫማዋን አውልቃ ገባች። ሁለት እርምጃ ሳትሄድ መፍቱሃ ጎንበስ ብላ የእንግዳዋን ጫማዎች አዞረቻቸው፤ አፍንጫቸው ወደ በሩ ሆነ።

«ገና ሳልቀመጥ አባረሩኝ እንዴ ወይዘሮ መፍቱሃ?»

መፍቱሃ ከዚያ ቀን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለች። «ልማድ ሆኖብኝ ነው፣ አይክፋሽ። እዚያ ሃማማትሱ ማንም ሰው ጫማውን አውልቆ ዝም ብሎ አይገባም። ሲወጣ እንዳይንገላታ አዙሮት ነው የሚገባው። አብዱልሃዲ ሥራ ሲጀምር የሠራተኞቹ ማደሪያ ውስጥ ነበር የሚኖረው፤ ያላዞረ ሰው እዚያ ይሳቅበታል። እኔም ሙሽራ ሆኜ ሄጄ ለመድኩ። ‹አንተ ሰውዬ ሁልጊዜ ልትሄድ እንደተዘጋጀህ ነው› እያልኩ እቀልድበት ነበር።» ፈገግታዋ ጠፋ። «ይኸው ሄደ።»

«ሹዓይብስ?»

«እሱን ስንት ዓመት ጮኸበት መሰለሽ! አሁን መስጊድ ሲገባ እንኳ ሳያስበው ያዞራል፤ ጓደኞቹ ይስቁበታል።» እንባዋን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገች። «ልጄ ነው እሱ። ወደ ቤት እንዲገባ ንገሪልኝ። ጥፋት ቢሆን እንኳ ይግባ። ሁለቱንም በአንድ ቀን ማጣት አልችልም።»

ግድግዳው ላይ ትልቅ ፎቶ ተሰቅሏል። በባሕር ዳር የአሸዋ ክምር ላይ፣ አንድ ዓይነት ልብስ የለበሱ ጎልማሶች ወፍራም ገመድ ይጎትታሉ። ከራሳቸው በላይ ክፍል የሚያክል ካይት አየር ላይ ወጥቷል።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ልጃችን ዩስራ የተወለደች ጊዜ ነው። የበኩር ልጅ ሲወለድ ጎረቤቱ ተሰብስቦ ስሟን ካይት ላይ ጽፎ ያወጣላታል። ከዚያ የካይት ጦርነት ነው። ይሄ ሰፈር የዚያኛውን ገመድ በገመዱ እየፈተገ ይበጥሳል። የገመዱ ቃጠሎ ሽታው ራሱ አይረሳም። እያንዳንዱ ሰፈር የራሱ ምልክት አለው፤ የኛ ካይት ላይ የተሳለውን አሁንም ዓይኔን ጨፍኜ እሥልልሻለሁ። እዚያ የኖረ ሰው ቤቱን ቢረሳ የሰፈሩን ካይት አይረሳም።»

ሐረገወይን ፎቶው ሥር ብዙ ቆመች። «በየነስ ስለ ካይቱ ያወራላችሁ ነበር?»

«በየነ የድሮውን ማንሳት አይወድም፤ ትዝታ ይሆንብኛል ይላል። አብዱልሃዲ ግን ቅዳሜ አብሮት መድረክ እንዲወጣ ሊለምነው ነበር። ‹ሁለት የሃማማትሱ ሰዎች ነን፣ አንዱ የሌላውን የሰፈር ካይት ያስተዋውቃል› እያለ በደስታ ሲዘል ነው ያደረው።»

ቅዳሜ ጠዋት፣ አብዱልሃዲ ንግግሩን ሊያደርግ በነበረበት ሰዓት፣ ሐረገወይን ሰዎቹን ጥገና ቤቱ ሰበሰበቻቸው። ከታች ሁለት ፖሊሶች ቆመዋል። የሟቹ ጫማ በላስቲክ ተጠቅልሎ እጇ ላይ ነበር።

ሹዓይብ አክስቱን ሲያይ ግድግዳውን ተጠጋ። መፍቱሃ ልትይዘው እጇን ዘረጋች፤ እሱ ግን ቀድሟት ደረጃውን ወጣ። ሁሉም ተከተሉት። በየነ ደረጃው ግርጌ ቆሞ ዙሪያውን ተመለከተ።

«ላስቲኮቹስ?»

«ለምርመራ ወስደናቸዋል» አለች ሐረገወይን። «ዛሬ ሁላችንም በካልሲ ነን። ጉልበትዎ ካስቸገረዎት ላይ በሩ ጋ ወንበር አለ።»

ላይ ሲደርስ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ጫማውን አወለቀ። አንድ በአንድ ወደ ሰሌኑ ገቡ። ሐረገወይን ሁሉም እስኪቀመጡ ጠበቀች።

«ሹዓይብ፣ አጎትህ ከወጣ በኋላ ነው ደረጃውን ያጠብከው። ከጠዋት ጀምሮ ላይ ከነበረ፣ ጫማውም በሩ ጋ ከነበረ፣ ሶሉ የሳሙናህን ውኃ ሊነካ አይችልም። ግን ነክቷል። ሁለቱም ጫማዎች ጥድ ጥድ ይሸታሉ፤ ላብራቶሪውም አረጋግጦልኛል። ካልሲው ደግሞ ደረቅ ነው። እርጥብ ደረጃ ላይ በካልሲ የወጣም የወረደም ሰው የለም። አብዱልሃዲ የወደቀው ጫማውን አድርጎ ነው።»

ሹዓይብ ወደ አክስቱ ዞረ።

«ጫማዎቹን ከሞተ በኋላ ያወለቀለት ሰው አለ። የማያንሸራትት የሥራ ጫማ ያደረገ ሰው ወደቀ ቢባል ጥያቄ ይነሳል፤ በካልሲ ወደቀ ቢባል ማንም አይጠይቅም። ያ ሰው ግን የአብዱልሃዲን ልማድ አላወቀም። አብዱልሃዲ ማሰሪያውን ፈትቶ አያውቅም፤ በዚያ ማንኪያ እያጠለቀ ነው የሚወጣው የሚገባው። እኔ ሳገኘው ማሰሪያው እስከ ታች ተፈትቷል። ከበድን እግር ላይ ጫማ እንዲሁ ስለማይወልቅ መፍታት ግድ ሆኖበታል።»

«እኔን ነው የምትዪው?» አለ እንዳሻው ደንግጦ።

«አንተ በአንድ እጅህ ሲጋራ መለኮስ አቅቶህ አይቻለሁ፤ እንኳን እንዲህ የጠበቀ ቋጠሮ ልትፈታ።» ወደ ሹዓይብ ዞረች። «አንተ ደግሞ አይደለህም። ጫማዎቹ በሩ ጋ ሲቀመጡ አፍንጫቸው ወደ ውስጥ ነበር። የአጎትህ እጅም፣ ያንተ እጅም፣ የአክስትህ እጅም እንዲህ አያስቀምጥም። የደነገጠ ሰው ደግሞ አያስብም፤ እጁ የለመደውን ነው የሚሠራው።»

በየነ ጉሮሮውን ጠረገ። «እንግዲያው እኔም ነጻ ነኝ። አራት ዓመት እዚያ ከተማ ማደሪያ ውስጥ ኖሬያለሁ። የኔም እጅ ያውቃል።»

«እሱን እስኪሉ ነበር የምጠብቀው» አለች ሐረገወይን። «ወደ በሩ ይዩ።»

ሁሉም ዞሩ። የሹዓይብና የመፍቱሃ ጫማዎች ወደ ደረጃው ዞረው ተቀምጠዋል። የእንዳሻው አንዱ ቀና አንዱ ጎኑን ተንጋሏል። የበየነ ጫማዎች ጎን ለጎን፣ ሥርዓት ይዘው፣ አፍንጫቸው ወደ ውስጥ ነበር።

«ዕድሜ… ሰው ይረሳል» አለ በየነ።

«ኮምፕረሰሩ አለመነሳቱንም ረስተውት ይሆናል። አብዱልሃዲ ሲስቅ ማን አብሮት እንደነበረም።»

መፍቱሃ ከተቀመጠችበት ተነሳች። ድምፅዋ ዝግ ያለ ነበር።

«በየነ፣ የሰፈርህ ካይት ላይ የተሳለው ምን ነበር?»

በየነ ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። መስኮቱን አየ፣ እጆቹን አየ። ከዚያ ወንበሩ ላይ ተሰብስቦ አነሰ።

«እሱም ይሄንኑ ጠየቀኝ» አለ። «ይሄንኑ። በደስታ እየሳቀ።»

በየነ ቀጠለ።

«ካርቱም ነው የነበርኩት። ጋራዥ ውስጥ። እዚህ ስመጣ የካርቱም መካኒክ ማን ይፈልጋል? ጃፓን ነበርኩ አልኩ። አንድ ጊዜ ነው ያልኩት፤ ከዚያ መመለሻ አጣሁለት። አብዱልሃዲ ሲያገኘኝ እንዴት ደስ እንዳለው! የሱን ወሬ እየሰማሁ መልሼ ለሌላ ሰው አወራሁት። ላስቲኩም ለዚያ ነው፤ በሩ ጋ ምን እንደሚደረግ አላውቅም ነበር፣ እንዳያየኝ ፈራሁ።»

«እና ሲያውቅብህ?» አለች መፍቱሃ።

«ሳቀ። ከልቡ ሳቀ። ‹ከካርቱም ነኝ ብትለኝስ አብሬህ አልሠራም ነበር?› አለኝ።» ፊቱን በእጆቹ ሸፈነ። «ከዚያ ‹ለሹዓይብ ግን ዛሬውኑ ትነግረዋለህ፤ ልጁ ያንተን የጃፓን ታሪክ እየሰማ ነው ያደገው፣ ከሌላ ሰው እንዳይሰማው› ብሎ ጫማውን አጥልቆ ሊጠራው ወጣ። የመጀመሪያው ደረጃ ላይ ነበር። እንዲቆም ብቻ ነበር የፈለግኩት። ገፋሁት።»

ሹዓይብ ቀስ ብሎ ቀረበው።

«አቅፈኸኝ ነበር» አለው። «ገደልኩት ስልህ አቅፈኸኝ ‹ማንም ይሳሳታል› አልከኝ። ልፈርም ነበር እኮ። እያወቅክ።»

በየነ ቀና አላለም። ከሁሉም ነገር ይህኛው እንደከበደው ሐረገወይን አየችው፤ አላዘነችለትም። ፖሊሶቹን ጠራቻቸው። ጫማውን አድርጎ ሲወርድ ጉልበቱ በእውነት ከዳው፤ በሁለት በኩል ይዘው አወረዱት።

ከሰዓት በኋላ ሐረገወይን መፍቱሃንና ሹዓይብን በመኪናዋ ወደ ሃውገንስቱዋ ወሰደቻቸው። የቀብሩ ፈቃድ ወጥቶ ነበር። ሹዓይብ ፎቁ በር ላይ ሲደርሱ ቆመ።

«ግን ቢጫውን ምልክት አላቆምኩም» አለ። «ያ እውነት ነው።»

«እውነት ነው» አለች ሐረገወይን። «አጎትህ ግን በሳሙናህ አልወደቀም። ሳሙናህ ባይኖር ደግሞ ማን እንደገፋው አላውቅም ነበር። ይሄም እውነት ነው።»

ደረጃውን ወጡ። መፍቱሃ በሩን ከፍታ ቀድማ ገባች። ሹዓይብ ደጃፉ ላይ ብዙ ቆየ፤ ከዚያ ጫማዎቹን አወለቀና ሳያስበው ጎንበስ ብሎ አፍንጫቸውን ወደ ውጭ አዞራቸው።

መፍቱሃ ተመለሰች። ነጠላዋን ሰብስባ ጫማዎቹ አጠገብ ተንበረከከች። አንዱን አነሳች፣ ሌላውንም አነሳች፤ ወደ ቤቱ ውስጥ አዙራ አስቀመጠቻቸው።

«አንተ» አለችው እጁን ይዛ፣ «የትም አትሄድም።»